ሚስማር ላይ የተሰጠ ቃል

በዚያ የሴቶች እስር ቤት ሁለት ሕግ ነበር። አንዱ ግድግዳ ላይ የተለጠፈ፣ ሌላው ሚስማር ላይ የተሰቀለ።

የግድግዳው ረጅም ነው፤ አንብባ የጨረሰችው እስረኛ ቅጣቷንም አብራ ጨርሳ ትወጣለች ይባላል። ከሁሉ የከበደችው ግን አጭሯ መስመር ናት፦ እስረኛ ጠባቂ አትነካም። በጣት ጫፍም ብትሆን የነካች ጨለማ ቤት ትገባለች። ነገሩ ተጣርቶ እስኪያልቅ ደግሞ ዞኑ ይቆለፋል፤ ለሥራ ነው፣ ለጽዳት ነው ብሎ ነገር የለም፣ አንዲት እስረኛ ከዞኑ በር አትወጣም። ድሮ አንዷ ስታስነጥስ ጠባቂ ላይ ተደገፈች ተብሎ ዞኑ ተቆልፎ፣ ሲከፈት የገቡት ኮረዶች ምርኩዝ ይዘው ወጡ ብላ እማማ ይግባኝ ትምላለች። እማማ ይግባኝ የዞኑ አሮጊት ናት። ይግባኝ ስትል ዳኞች በላይዋ ላይ ጡረታ ወጥተዋል፤ አንዱማ ሲሞት በሞቱ ላይ ይግባኝ ጠይቃለች።

የሚስማሩን ሕግ ማንም አልጻፈውም። ከዞኑ ጥግ፣ ከልብስ ማጠቢያው ጎን፣ አንዲት ጠባብ ክፍል አለች። አንድ በርጩማ፣ አንድ ምንጣፍ፣ አንድ ስንጥቅ መስታወት፣ ግድግዳው ላይ አንድ ሚስማር። ጠባቂዎቹ ቅዳሜ ቅዳሜ ፀጉራቸውን የሚሠሩት እዚያ ነው፤ በነፃ፣ በእስረኛ እጅ። ታዲያ ሳይነኩ ፀጉር እንዴት ይሠራል? ስለዚህ ጠባቂዋ ስትገባ ቆቧን አውልቃ ሚስማሩ ላይ ትሰቅላለች። ቆቡ እዚያ እስካለ ጠባቂ የለም፣ እስረኛ የለም፤ ያለው ሁለት ሴትና አንድ ማበጠሪያ ነው። የተነካው አልተነካም፣ የተባለው አልተባለም። ሐሜት ቢሆን፣ ስድብ ቢሆን፣ ቆቡ ራስ ላይ ሲመለስ ነገሩ እዚያው ሚስማሩ ላይ ይቀራል። ይህን ሕግ ያፈረሰች ጠባቂ እስካሁን አልተሰማችም። ብታፈርስ የሚቀጥለውን ቅዳሜ ፀጉሯን ማን ሊሠራላት!

የክፍሏ ንግሥት ጣቲቱ ነበረች። ስሙን ያወጡላት ለጣቶቿ ነው፤ ለምላሷ ቢሆን ኖሮ ሌላ ስም ይገባት ነበር። ምን ሠርታ እንደታሰረች ለጠየቃት ሁሉ የተለያየ መልስ ትሰጣለች። ለአንዷ «ባቡር ሰርቄ» ትላለች። ለሌላዋ ደግሞ «ባቡሩንስ መልሼ ነበር፤ ሐዲዱን ነው ያጡት።» እንደዚያ እያለች ዓመታቱን ገፍታ ገፍታ፣ ለመፈታት አንድ ክረምት ብቻ ቀርቷት ነበር።

የዚያን ቅዳሜ ጠዋት ማበጠሪያዎቿን ስታጥብ ጫጩት ገባች። ጫጩት ሃያ ሁለት ዓመት የሞላት ሴት ናት፤ ብቻ ስትቆም ክንዷን ጎኗ ላይ ለጥፋ፣ አንገቷን ቀብራ ስለሆነ ስሙ ተለጠፈባት። በእጇ የውሃ ጆግ ይዛለች፤ ውሃው ውስጡ ይንቀጠቀጣል።

«እትዬ፣ ዕቃሽን ሸክፊ ተባልኩ።»

«ተፈታሽ እንዴ?»

«ምክትሉ ቤት ነው። ለጽዳት።»

የጣቲቱ እጅ ውሃው ውስጥ ቀረ።

ምክትሉ የእስር ቤቱ ምክትል ኃላፊ ነው። እስረኞቹ ሽቶ ይሉታል፤ ሽቶው በጠዋት ደርሶ፣ ፈርሞ፣ ተቀምጦ ሲጠብቀው እሱ ከሰዓት ይመጣል። ቤቱ ከአጥሩ ውጭ ነው። እዚያ ለጽዳት ተመድባ የተመለሰች ሴት ምን እንደጠረገች አትናገርም። አንዷ ከተመለሰች ወዲህ የምትተኛው ጀርባዋን ግድግዳ ላይ አስደግፋ፣ ቁጭ ብላ ነው። ሌላዋ እምቢ ብላ ነበር፤ ከፍራሿ ሥር ቢላዋ ተገኘ ተባለና ሌላ ዓመት ተጨመረላት።

«መቼ ነው?»

«ዛሬ። ከመንግሥት ጎብኚዎች ይመጣሉ አይደል? በእነሱ ፊት ነው የሚወስደኝ። ታማኝ እስረኛ እንዲህ ውጭ እናሠራለን ብሎ ሊያሳያቸው።»

«አይ ሽቶ!» አለች እማማ ይግባኝ ከበሩ ሥር ፀሐይ እየሞቀች። «ሌባ ሲያድግ በምስክር ፊት ይሰርቃል።»

ጫጩት አልሳቀችም። «እኔ የምፈታው ክረምቱ ሲገባ ነው፣ እትዬ። ትንሽ ነበር የቀረኝ። ትንሽ…» ጆጉን መሬት ላይ አስቀመጠችው፤ ውሃው መንቀጥቀጡን ተወ፣ እሷ ግን አልተወችም።

ጣቲቱ ያኔውኑ አሰበች። እስረኛ ከዞን የምትወጣው በአንዲት ሴት አፍ ብቻ ነው። ሃምሳ አለቃዋ በሩ ላይ ቆማ «ውሰዳት» ካላለች ምክትል ቢመጣ፣ የምክትል አያት ቢመጣ፣ በሩ አይከፈትም። ሃምሳ አለቃዋ ደግሞ ዛሬ ጎብኚ ስላለ ፀጉሯን ልትሠራ ትመጣለች።

ጎብኚ ባይኖርም ትመጣ ነበር። ነገሩ እዚህ ላይ ነው።

ግቢው ሁሉ ሃምሳ አለቃዋ የምትቆነጀው ለምክትሉ ነው ይላል። ጣቲቱ ግን የምታውቀውን ታውቃለች። እሷ የሠራችው ሹሩባ ወር ቢቆይ ፍንክች አይልም። የሃምሳ አለቃዋ ግን በሳምንቱ ተፈታ ይመጣል፤ ያውም ከጫፉ ጀምሮ፣ በሥርዓት፣ አንድ በአንድ። ትራስ ፀጉር ሲያበላሽ እንደዚያ አይጠነቀቅም። በጣት የተፈታ ነው። ሴትዮዋ ዓርብ ማታ አልጋዋ ላይ ተቀምጣ የራሷን ሹሩባ ትፈታለች፤ ቅዳሜ ጠዋት መጥታ «ተበላሸብኝ» ትላለች፤ ምንጣፉ ላይ ቁጭ ብላ ጀርባዋን ለጣቲቱ ጉልበት ትሰጣለች፤ ራሷ ከጭኗ ላይ ሲያርፍ ግቢውን የሚያንቀጠቅጠው ድምፅ ጠፍቶ ትንፋሽ ብቻ ይቀራል። ከጆሮዋ ኋላ ትንሽ ጠባሳ አለች። ጣቲቱ እዚያ ስትደርስ ጣቷ ሳያስፈልግ ይዘገያል፤ ሃምሳ አለቃዋም ሳያስፈልግ ዓይኗን ትጨፍናለች። ሁለቱም ትንፍሽ ብለው አያውቁም። ጣቲቱ በዚህ ነገር ራሷን ትረግማለች። እስረኛ ቁልፏን የያዘችባትን ሴት ማጅራት ስትናፍቅ ምን ይባላል? በግ ቢላዋውን ወደደ ማለት ነው።

ሃምሳ አለቃዋ መጣች። ቆቧን ሰቀለች፣ ተቀመጠች።

«ተበላሸብኝ።»

«እያየሁት ነው።»

«ቶሎ በይ። መኪናቸው መንገድ ላይ ነው። ዛሬ እንድታሳምሪኝ ነው የምፈልገው።»

ጣቲቱ ፀጉሩን መሃል ለመሃል ከፈለችው። በቀኝ በኩል ጀመረች፤ ጣቶቿ ሲሮጡ አፏም ይሮጣል። «አንዲት ሙሽራ ሠርቼ አውቃለሁ፣ አጥብቄ ከመጎንጎኔ የተነሳ ፊቷ ወደ ኋላ ተስቦ ሳቅ ብላ ቀረች። ሠርጉ አለቀ፣ እሷ ትስቃለች። አማቷ ሞቱ፣ ቀብር ላይ ቆማ ትስቃለች። ባሏ ‹በእናቴ ትስቂያለሽ?› ብሎ ሽማግሌ ሰበሰበ። ሽማግሌዎቹ መጥተው ቢያዩዋት እነሱም ሳቁ…»

ሃምሳ አለቃዋ ትከሻዋ ተንቀጠቀጠ። ስትስቅ ድምፅ አታወጣም። ከበሩ ሥር እማማ ይግባኝም ትንተከተካለች። ቀኙ አለቀ፤ እንደ ተቀረጸ እንጨት ያበራል። ግራው ተበጥሮ ቆሟል። መስታወቱ ላይ ሴትዮዋ ግማሽዋ ሠርግ ቤት፣ ግማሽዋ የእሳት ቃጠሎ ትመስላለች።

እዚህ ላይ ጣቲቱ እጇን አነሳች።

«ቀጥይ እንጂ።»

«ጣቴ ደከመ።»

«ምን?»

«ጫጩትን አትስጪው።»

ከውጭ የልብስ ማጠቢያው ውሃ ሲንጠባጠብ ይሰማል።

«ማነው የነገረሽ?»

«ሽቶው። ከሱ ቀድሞ መጥቶ።»

«አትቀልጂ። ያንቺ ጉዳይ አይደለም። ሥሪ!»

ጣቲቱ ማበጠሪያዋን አነሳች፤ ጭራዋ ሹል የሆነችዋን። ጫፏን ከማጅራቱ በላይ፣ የግራው ፀጉር ከሚጀምርበት ላይ አሳረፈች። አልጫነችም፣ አላነሳችም።

«አንሺው ያንን።»

«ልከፍል ነው።»

«አንሺው አልኩ!»

አላነሳችም። ሃምሳ አለቃዋም አልተነሳችም። ብትነሳ በዚያ ራስ የት ትሄዳለች? አንገቷ ላይ አንዲት ሥር ብድግ ዝቅ ስትል ጣቲቱ ታያለች።

«አንቺ ምን ታውቂያለሽ» አለች ሃምሳ አለቃዋ ዝቅ ባለ ድምፅ። «እሱ አንድ ቃል ከተናገረ እኔ ነገ የምጠብቀው የከብት በረት ነው።»

«ከብቶቹ ያሳዝኑኛል።»

«እየቀለድኩ አይደለም! ልጅ አሳድጋለሁ። እናቴን እጦራለሁ። እሱ ሹመቴን በኪሱ ይዞ ነው የሚዞረው።»

«አንቺ የምትፈሪው በረት ነው። እሷ የምትፈራውን ደግሞ ታውቂያለሽ። ተመልሰው ሲመጡ በሩን የምትከፍችላቸው አንቺ አይደለሽ? ፊታቸውን አይተሻል።»

ሃምሳ አለቃዋ ዝም አለች። ዝም አይነቅዝም ይላሉ፤ ይሄኛው ግን ሲነቅዝ ይሰማል።

«በይ ሥሪኝ» አለች በመጨረሻ፤ ልመና ይመስላል።

ጣቲቱ ከዚህ በኋላ ያላት አንድ ነገር ብቻ ነበር። እሱን ካወጣችው አይመለስም። ማበጠሪያውን አስቀምጣ ጎንበስ አለችና ከጠባሳዋ አጠገብ፣ እማማ ይግባኝ በማትሰማው ድምፅ ተናገረች።

«ባለፈው የሠራሁት ወር ይቆይ ነበር። በጣትሽ ነው የፈታሽው። ከዚያ በፊት የነበረውንም።»

«ዝም በይ።»

«ለምን እንደምትፈቺው አውቃለሁ። እኔም ከሰኞ ጀምሬ ቅዳሜን ነው የማየው። አሁን ግን ስሚኝ። እሷን ከሰጠሽው እነዚህ ጣቶች ሁለተኛ አይነኩሽም። ብትገርፊኝም፣ ብታስሪኝም፤ መቼም ታስሬያለሁ።»

የሃምሳ አለቃዋ ጆሮ ቀላ። ያን ጊዜ ከዋናው በር የመኪና ጥሩምባ ተነፋ። አንዴ፣ ሁለቴ።

«እሺ!»

«እሺ ምን?»

«አልሰጠውም። አልሰጣትም አልኩ! ጨርሺልኝ!»

ጣቲቱ እንደዚያን ቀን ሠርታ አታውቅም። ግራው ከቀኙ አማረ። ሃምሳ አለቃዋ ከምንጣፉ ተነስታ መስታወቱን አየች፣ ዩኒፎርሟን አራገፈች፣ እጇን ወደ ሚስማሩ ዘረጋች። እጇ ቆቡን ሲነካ ጣቲቱ ከበርጩማው ተነሳች።

«ቆይ» አለች። «ቃልሽን ድገሚው። ቆቡን አድርገሽ።»

ሃምሳ አለቃዋ ቆቧን አደረገች። አስተካከለች። ዓይኗን ከመሬት አላነሳችም።

«የምን ቃል?»

«አሁን ያልሽውን!»

«የተባለው አልተባለም» አለች። ድምፁ የድሮው የግቢ ድምፅ ነው፤ ጫፉ ላይ ብቻ ስንጥቅ አለው። «ሕጉ የእናንተ ብቻ ነው እንዴ?» ወጣች።

ስንት ዓመት በዚያ ሚስማር ተከልላ አለቃ የሰደበችው፣ ሹም ያማችው ጣቲቱ፣ ቃል የሚሰጥበት ቦታ እሱ እንዳልሆነ አንድ ጊዜ እንኳ አላሰበችም ነበር። ላም አለኝ በሰማይ! እማማ ይግባኝ ምርኩዟን ይዛ ተነሳች። «ቀድሞ ነበር እንጂ መጥኖ መደቆስ» አለች፤ የቀረውን አልጨረሰችውም፣ የጣቲቱን ፊት ስላየች።

እስረኞቹ ግቢው ውስጥ ተሰለፉ። ጎብኚዎቹ ገቡ፤ ከፊት መነጽር ያደረገች ደርባባ ሴትዮ፣ ከኋላዋ ሁለት ሱፍ ለባሾች። ሽቶው አንድ ዙር ግቢውን ጎበኘና ምክትሉ ተከተለው። ወጥ ቤቱን አሳየ፣ የልብስ ስፌቱን አሳየ፣ ዞኑ በር ላይ ደርሶ ቆመ። ጫጩት እዚያ ናት፤ ጨርቋን በፌስታል ይዛ፣ አንገቷን ቀብራ።

«እዚህ እንደ ቤተሰብ ነን» አለ ምክትሉ። «ለምሳሌ ይህችን ልጅ ይመልከቱ። ታማኝ ስለሆነች ውጭ ወጥታ ትሠራለች። ሰው ታያለች፣ አየር ታገኛለች።»

ሴትዮዋ በደስታ ራሷን ነቀነቀች። «ደስ ይልሻል አይደል?» አለቻት።

ጫጩት ከንፈሯ ተንቀሳቀሰ። ድምፅ አልወጣም።

«አፍራ ነው» አለ ምክትሉ። «ሃምሳ አለቃ!»

ሃምሳ አለቃዋ በሩ ላይ ቆማለች። ቁልፉን መፈለግ ያለባት አይመስልም፣ ግን ፈለገችው። አገኘችው። ምላሷን ከንፈሯ ላይ አዞረች። «ውሰ» ልትል አፏ ሲከፈት፣ ጣቲቱ ከሰልፉ ወጣች።

መሮጥ አልነበረም። የምትሮጥ እስረኛ መሃል መንገድ ላይ ትያዛለች። ጣቲቱ ዕቃ ረስታ እንደምትመለስ ሴት ተራመደች፤ ጠባቂዎቹም ምን ረሳች እያሉ ሲያስቡ አለፈቻቸው። ክረምቱ ታያት፤ የመፈቻዋ ክረምት፣ በር ላይ የምትጠብቃት እህቷ፣ አብረው የሚሄዱበት መንገድ። ሁሉም ታያትና ሁሉንም ጥላው አለፈች። ሃምሳ አለቃዋ ፊት ደረሰች። እጇን አነሳች።

በጥፊ አልነበረም። መዳፏን ሙሉውን ጉንጯ ላይ አሳረፈች። ቆቡ ራሷ ላይ እያለ፣ በጠራራ ፀሐይ፣ በመንግሥትና በሕዝብ ፊት። ጉንጩ ትኩስ ነበር። ጣቷ ጫፉ ከጠባሳዋ ደረሰ።

ግቢው ትንፋሹን ያዘ። አንዲት ዝንብ ስታልፍ ይቅርታ ጠይቃ አለፈች።

«ምንድን ነው ይሄ?» አለች ባለ መነጽሯ ሴትዮ።

«ምንም፣ ምንም አይደለም!» ምክትሉ ሳቀ፤ ግንባሩ ግን አላበው። የግድግዳውን ሕግ የለጠፈው እሱ ራሱ ነው፣ ምን እንደሚከተል ያውቃል። «ፀጉር ሠሪያችን ናት። ፍቅር ነው። ቅድም እንዳልኩዎት ቤተሰብ ነን። አይደለም፣ ሃምሳ አለቃ? ነክታሻለች እንዴ? አልነካችሽም።»

ሁሉም ዓይን ወደ ሃምሳ አለቃዋ ዞረ። «አልነካችኝም» ማለት ቀላል ነበር። ጣቲቱ ወደ ሰልፏ ትመለሳለች፣ በሩ ይከፈታል፣ ጫጩት ትወጣለች፣ ሹመቱም ይመጣል። «ነክታኛለች» ካለች ደግሞ ይህችን እጅ ጨለማ ቤት የምታስገባት እሷው ራሷ ናት። የጣቲቱ መዳፍ አሁንም ጉንጯ ላይ ነው። ጣቲቱ ዓይን ዓይኗን ታያታለች፤ አትለምናትም፣ አትቆጣትም፣ ትጠብቃለች ብቻ።

«ሃምሳ አለቃ?» አለ ምክትሉ። ሳቁ አልቋል።

ሃምሳ አለቃዋ የጣቲቱን እጅ አንጓ ያዘች። ከጉንጯ ላይ ቀስ ብላ አወረደችው። አልለቀቀችውም።

«ነክታኛለች» አለች። ሁለተኛውን ግቢው እስኪያስተጋባ ጮኸችው። «እስረኛ ነክታኛለች! ዞኑ ይቆለፍ! አንዲት ነፍስ ከበሩ እንዳትወጣ!»

ባለ መነጽሯ ሴትዮ ምክትሉን «ደንቡ እንደዚያ ነው?» ብላ ጠየቀችው፤ ደንቡ እንደዚያ ነው ከማለት በቀር ምን ሊል! ጫጩት ወደ ውስጥ ተገፋች፣ ብረቱ ተንሸራተተ፣ ሽቶው ከውጭ ቀረ።

ጨለማ ቤቱ ድረስ ሃምሳ አለቃዋ ራሷ ወሰደቻት። በመተላለፊያው ሁለቱ ብቻ ሲሆኑ እጇን ጠበቅ አደረገችው።

«ጅል!»

«አውቃለሁ።»

«በቁምሽ ነው የተቀበርሽው። መፈቻሽ ሄደ፣ ገብቶሻል? ሄደ!»

«ገብቶኛል።»

በሩ ጋ ሲደርሱ ቁልፉ እንቢ አለ፤ ወይም እጇ ነው እንቢ ያለው። ጀርባዋን ሰጥታ ተናገረች።

«የማጣራው እኔ ነኝ። ቶሎ ከጨረስኩ አንቺ ቶሎ ትወጫለሽ። ግን ዞኑም ይከፈታል፣ እሱም ይመጣል። ካዘገየሁ…»

«ካዘገየሽ ቀኗ ሞልቶ እስረኛነቷ ያበቃል፤ ከዞኑ በር ወጥታ በቀጥታ ወደ ቤቷ ነው።»

«አንቺስ? እዚህ ውስጥ ቀንና ሌሊቱ አንድ ነው። ሰው እዚህ ግድግዳ ያናግራል።»

«ግድግዳ ጥሩ አድማጭ ነው፤ ‹ውሸትሽን ነው› አይልም።» በነፃ እጇ የበሩን ብረት ዳሰሰች። «ፈርቻለሁ፣ እሺ? ፈርቻለሁ። አንቺ ግን ቀስ ብለሽ አጣሪ።»

ሃምሳ አለቃዋ ዞር አለች። በሩን ከፈተች፣ አስገባቻት፣ ዘጋች። እንደ ሌላው ጊዜ አላላተመችውም።

ጣቲቱ ጨለማውን በእጇ እየዳበሰች ተቀመጠች። ከውጭ የአንዲት ጠባቂ ኮቴ ሲሮጥ መጣ።

«ሃምሳ አለቃ፣ ምክትሉ ምርመራው ዛሬውኑ ይለቅ ብለዋል። ምስክር አለ ወይ ብለዋል።»

«ግቢው በሙሉ ምስክር ነው። ሁሉንም እሰማለሁ። ለየብቻ፣ አንድ በአንድ። ጎብኚዎቹንም ጭምር፤ እነሱ ደግሞ በደብዳቤ ነው የሚጠሩት።»

«ከማን እንጀምር ታዲያ?»

«ዛሬ ራሴን አሞኛል» አለች ሃምሳ አለቃዋ።

ጣቲቱ በጨለማው ውስጥ ሳቀች። ክረምቱ ምን ያህል ሩቅ እንደሆነ ትዝ ያላት ቀጥሎ ነው፤ ሳቁ ግን ቀድሟት ወጥቶ ነበርና ልትመልሰው አልቻለችም።